ስሙ ብዙ፣ መንገዱ ብዙ፦ የወንጌላውያንና የነፃ አብያተ ክርስቲያናት አመጣጥ



 ለዚህ መጽሔት አንድ ነገር እንድንጽፍ በተጠየቅን ጊዜ የመረጥነው ርእስ በለቅሶ ቤትም፣ በሠርግም፣ በቡና ላይም ደጋግሞ የሚነሳ ነው። «ለመሆኑ መካነ ኢየሱስ፣ ቃለ ሕይወት፣ መሠረተ ክርስቶስ፣ ሙሉ ወንጌል እየተባሉ የሚጠሩት ልዩነታቸው ምንድን ነው? ሁሉም ያው ጴንጤ አይደሉም ወይ?» ይባላል። ጠያቂው አብዛኛውን ጊዜ በቅን ልብ ነው የሚጠይቀው። መላሹ ግን የዚያው ቤተ ክርስቲያን አባል ሆኖ እንኳ ብዙ ጊዜ የሚጨበጥ መልስ የለውም። እዚህ ስቶክሆልም ተወልደው ያደጉ ልጆቻችን ደግሞ በትምህርት ቤት ስለ «ፍሪሺርካ»፣ ማለትም ስለ ነፃ ቤተ ክርስቲያን፣ ተምረው ይመጡና «የእኛ የትኛው ነው?» ሲሉን እንደናገራለን።

ጉዳዩ የዕውቀት ብቻ ቢሆን ኖሮ ባልከፋ። ነገር ግን ካለማወቅ የተነሳ አንዱ ሌላውን «መጤ ሃይማኖት» ይለዋል። ወንጌላውያኑም እርስ በርሳቸው፣ አያቶቻቸው ያልተጣሉበትን ጠብ የወረሱ ይመስል ይራራቃሉ። ማኅበራችን ኦርቶዶክሱንም፣ ሙስሊሙንም፣ ካቶሊኩንም፣ ወንጌላዊውንም አቅፎ አሥር ዓመት የዘለቀ ስለሆነ፣ ጎረቤታችን ከየት እንደመጣ ማወቅ ይገባናል። ይህን ስንጽፍ ለመስበክም ሆነ የማን ትምህርት ትክክል እንደሆነ ለመፍረድ አይደለም። ታሪኩን እንደ ታሪክ ለማቅረብ ብቻ ነው። የሁለት አገር ነገር ስለሚቀላቀል ዓመተ ምሕረቶቹን በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር አድርገናቸዋል።

«ወንጌላዊ» እና «ነፃ» ማለት

በመጀመሪያ ሁለቱን ቃላት እንለያቸው። ማርቲን ሉተር በ1517 በጀርመን አገር በዊተንበርግ ዘጠና አምስት የመከራከሪያ ነጥቦቹን ይፋ ካደረገ በኋላ፣ ከሮማው ፓፓ የተለዩት ወገኖች ወንጌላውያን ተባሉ። በጀርመንና በስካንዲኔቪያ ቃሉ እስከ ዛሬ በዋናነት ከዚያ ተሐድሶ የወጣውን ወገን ያመለክታል። በእንግሊዝና በአሜሪካ ግን ሌላ ትርጉም ያዘ። በ18ኛው ክፍለ ዘመን እነ ጆን ዌስሊ በሜዳ ላይ ሲሰብኩ ከተነሳው መነቃቃት ወዲህ፣ ወንጌላዊ የሚባለው የየትኛውም ቤተ ክርስቲያን አባል ይሁን፣ በግሉ ንስሐ ገብቶ አመንኩ የሚል፣ መጽሐፍ ቅዱስን ከሁሉ በላይ የሚያደርግና ያመነውን ለሌላው የሚናገር ክርስቲያን ነው። «የኢትዮጵያ ወንጌላዊት ቤተ ክርስቲያን መካነ ኢየሱስ» በሚለው ስም ውስጥ ያለው «ወንጌላዊት» ከፊተኛው ወገን የመጣ ነው። «ወንጌላውያን አብያተ ክርስቲያናት» ብለን ሁሉንም በአንድ ስንጠራ ደግሞ የኋለኛውን ትርጉም መያዛችን ነው። አንዱ የግርታ ምንጭ ይኸው ነው።

«ነፃ» የሚለው ቃል ከመንግሥት ነፃ ማለት ነው። በሉተር ዘመን የአገሩ ሃይማኖት የገዢው ሃይማኖት ነበር። ካቶሊክም ሆነ ሉተራዊ፣ ሕፃን ሲወለድ ይጠመቃል፣ ሲጠመቅም የመንግሥቱ ዜጋና የቤተ ክርስቲያኑ አባል በአንድ ቀን ይሆናል። ይህን በመቃወም በጃንዋሪ 21 ቀን 1525 በስዊስ ከተማ በዙሪክ ጥቂት ወጣቶች በአንድ ቤት ተሰበሰቡ። ኮንራድ ግሬብል የተባለው ጆርጅ ብላውሮክን አጠመቀው፣ እርሱም ሌሎቹን አጠመቀ። ሁሉም በሕፃንነታቸው የተጠመቁ ስለነበሩ ጠላቶቻቸው «አናባፕቲስት»፣ ዳግም አጥማቂዎች፣ አሏቸው። ስብሰባው የተደረገበት ቤት ልጅ የሆነው ፊሊክስ ማንዝ በ1527 በዙሪክ መካከል በሚያልፈው ወንዝ ውስጥ በባለሥልጣናቱ ትእዛዝ እንዲሰጥም ተደርጎ ተገደለ። የፈረደበትም የካቶሊክ ሳይሆን የፕሮቴስታንት ከተማ መሆኑ ልብ ሊባል ይገባዋል። በ1536 ሜኖ ሲሞንስ የተባለ የሆላንድ ካቶሊክ ቄስ ቅስናውን ትቶ ከእነዚህ ወገኖች ጋር ተቀላቀለ፤ ተከታዮቹም በስሙ ሜኖናይት ተባሉ። በ1609 ደግሞ ወደ አምስተርዳም የተሰደዱ እንግሊዛውያን በጆን ስሚዝ መሪነት የመጀመሪያውን የባፕቲስት ጉባኤ መሠረቱ። ቤተ ክርስቲያን ማለት በፈቃዱ የገባ ሰው ኅብረት ነው፣ መንግሥትም በዚያ ላይ ሥልጣን የለውም የሚለው የነፃ አብያተ ክርስቲያናት ሐሳብ መነሻው እንግዲህ ይህ ነው።

የምንኖርባት ስዊድን ያሳለፈችው

ስዊድን በ1527 በንጉሥ ጉስታቭ ቫሳ ዘመን ከሮማ ተለየች፤ በ1593 በኡፕሳላ በተደረገው ጉባኤም የሉተራውያኑን የእምነት መግለጫ የአገሩ ሃይማኖት አድርጋ አጸናች። ከዚያ ወዲህ ስዊድናዊ መሆንና ሉተራዊ መሆን አንድ ነገር ሆነ። በ1726 የወጣው አዋጅ ቄስ በሌለበት በቤት ተሰብስቦ መጸለይንና መጽሐፍ ማንበብን ከለከለ። ቅጣቱ ከገንዘብ መቀጮ ጀምሮ እስከ እስራትና እስከ ስደት የሚደርስ ነበር። እንዲያም ሆኖ በየገጠሩ ገበሬው ማታ ማታ እየተሰበሰበ ማንበቡን አልተወም። መሳለቂያ እንዲሆኑም «ሌሳረ»፣ ማለትም አንባቢዎች፣ የሚል ስም ወጣላቸው። እኛ አገር «ጴንጤ» እንደተባለው መሆኑ ነው።

በ1846 ኤሪክ ያንሶን የተባለ ሰባኪ ብዙ ተከታዮቹን አስከትሎ ወደ አሜሪካ ተሰደደ። በ1848 በስዊድን የመጀመሪያው የባፕቲስት ጥምቀት ተፈጸመ፤ የጉባኤው መሪ መርከበኛው ፍሬድሪክ ኒልሶንም ተከሶ ከአገር እንዲወጣ ተፈረደበት። ዛሬ ስደተኛን የምትቀበለው አገር ያን ጊዜ በሃይማኖት ምክንያት የራሷን ልጆች ታሰድድ ነበር። አዋጁ የተሻረው በ1858 ነው።

ከዚህ መነቃቃት ውስጥ ሁለት መንገድ ወጣ። አንደኛው በመንግሥት ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ሆኖ መሥራት ነው። በሰባኪው በሮሴኒዩስ ስብከት የተነቃቁት ወገኖች በ1856 «ኤ.ኤፍ.ኤስ.» በሚል ምሕፃር የሚታወቀውን፣ እኛ የስዊድን ወንጌላዊ ሚሲዮን የምንለውን ማኅበር አቋቋሙ። እስከ ዛሬም ከስዊድን ቤተ ክርስቲያን አልወጣም። ሁለተኛው መንገድ መውጣት ነው። ፓውል ፔተር ቫልደንስትሮም በ1872 ስለ ክርስቶስ ቤዛነት የጻፈው ጽሑፍ ክርክር አስነሳና በ1878 የስዊድን ሚሲዮን ኅብረት ለብቻው ተመሠረተ። በ1911 ደግሞ ከኤ.ኤፍ.ኤስ. ውስጥ በመጽሐፍ ቅዱስ ፍጹምነት ላይ በተነሳ ክርክር «የመጽሐፍ ቅዱስ እውነተኛ ወዳጆች» የተባሉት ተለዩ፤ እነርሱም ወደ ኤርትራና ወደ ኢትዮጵያ የራሳቸውን ሚሲዮናውያን ላኩ። እዚህ በአንድ ስብሰባ አዳራሽ ውስጥ የተነሳ ክርክር እዚያ በሩቅ አገር ሁለት ልዩ ልዩ ጉባኤ ሆኖ በቀለ ማለት ነው።

ስዊድናውያን ያለ ሌላ ማኅበረ ምእመናን ከቤተ ክርስቲያን የመውጣት ሙሉ መብት ያገኙት በ1951 ሲሆን፣ መንግሥትና ቤተ ክርስቲያን የተለያዩት በ2000 ነው። ይህን የምንጽፈው አስተናጋጅ አገራችንን ለመንቀፍ አይደለም። እንዲያውም ከዚህ ትግል እኛም ተጠቅመናል። ስዊድን ውስጥ ተራው ሰው ሊቀ መንበር መርጦ፣ ቃለ ጉባኤ ይዞ፣ መዋጮ አሰባስቦ፣ ሒሳብ መርማሪ ሾሞ ራሱን ማስተዳደርን በብዛት የተማረው ከነፃ አብያተ ክርስቲያናት፣ ከፀረ መጠጥ ማኅበራትና ከሠራተኛው ንቅናቄ ነው። ማኅበራችን ራሱ የተቋቋመበት ደንብ፣ ዓመታዊ ጉባኤውና ሒሳብ ምርመራው ሁሉ ከዚያ ልማድ የወረደ ነው።

በምጽዋ በር

አሁን ወደ አገራችን እንግባ። በኢትዮጵያና በተሐድሶው አገሮች መካከል የነበረው ግንኙነት ከሚሲዮን በፊት ነው። በ1534 አባ ሚካኤል የተባለ ኢትዮጵያዊ ዲያቆን ዊተንበርግ ድረስ ሄዶ ከሉተር ጋር ተወያይቷል፤ ሉተርም የድጋፍ ደብዳቤ ጽፎለታል። ከሁሉ የሚበልጠው ግን ኢትዮጵያዊው ሊቅ አቡ ሩሚ በካይሮ ተቀምጦ በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ መጽሐፍ ቅዱስን ወደ አማርኛ መተርጎሙ ነው። የእንግሊዝ የመጽሐፍ ቅዱስ ማኅበር ሥራውን ገዝቶ አዲስ ኪዳንን በ1829፣ ሙሉውን በ1840 አሳተመው። ብዙ ሚሲዮናውያን ከመድረሳቸው በፊት መጽሐፉ በአበሻ እጅ ተተርጉሞ ነበር። በሐማሴን በፀዓዘጋ የተነሱት ካህናትና ዲያቆናት ተሰባስበው መጽሐፍ ቅዱስን ያነቡ የጀመሩት በራሳቸው ነው፤ መከራ ሲበዛባቸው ነው ወደ ስዊድኖቹ የተጠጉት።

የስዊድን ወንጌላዊ ሚሲዮን ሰዎች ምጽዋ የደረሱት በ1866 ነው። ሐሳባቸው ኦሮሞ አገር መግባት ነበር፤ መንገዱ ግን ተዘጋባቸው። በእነርሱ ፈንታ መንገዱን የሄዱት ኢትዮጵያውያን ናቸው። በኢሉባቦር ተወልዶ በልጅነቱ ለባርነት የተሸጠው አናሲሞስ ነሲብ በ1870 ምጽዋ ላይ ነፃ ወጣ። በስዊድኖቹ ትምህርት ቤት ተምሮ በ1872 ተጠመቀ፤ ከዚያም እዚህ ስቶክሆልም በሚገኘው የዮሐንስሉንድ የሚሲዮን ትምህርት ቤት ተማረ። በአስቴር ጋኖ ረዳትነት መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ኦሮምኛ መልሶ በ1899 አሳተመ። እርሷም እንደ እርሱ ከባርነት የወጣች ሴት ነበረች። ገብረ ኤዎስጣቴዎስ ዘሚካኤል የተባለው የሐማሴን ሰው በ19ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ ላይ ወለጋ ቦጂ ሲደርስ፣ አናሲሞስ በ1904 ነቀምቴ ገባ። በዚያው ዓመት ካርል ሴደርክቪስት የተባለው ስዊድናዊ አዲስ አበባ ደርሶ ማስተማር ጀመረ።

በሌላ አቅጣጫ ደግሞ በ1919 የኅዳር በሽታ ሕዝቡን ሲፈጅ ዶክተር ቶማስ ላምቢ የተባለው አሜሪካዊ ፕሬስቢቴሪያን ሐኪም በአገረ ገዢው ጥሪ ከሱዳን ተሻግሮ ደምቢ ዶሎ ገባ። በፈንጣጣ ዓይኑን ያጣው ጊዳዳ ሶለን ከዚያ ወገን የወጣ ሰባኪና ቄስ ነው። ከ1995 እስከ 2001 የኢትዮጵያ ፕሬዚዳንት የነበሩት የዶክተር ነጋሶ ጊዳዳ አባት ናቸው። የጀርመን ሄርማንስቡርግ ሚሲዮን በ1927 አዲስ አበባ ደርሶ በማግሥቱ ዓመት አይራ ላይ ሥራ ጀመረ። ኖርዌጃውያኑ ቻይና ስትዘጋባቸው በ1948 ወደ ደቡብ ኢትዮጵያ መጡ።

እነዚህ ሁሉ የየአገራቸውን ልማድ ይዘው ነው የመጡት። ኢትዮጵያውያኑ ግን በጃንዋሪ 21 ቀን 1959 የሉተራውያኑን ሚሲዮን ፍሬዎች በአንድ ላይ አድርገው መካነ ኢየሱስን መሠረቱ። ያን ጊዜ የአባላቱ ቁጥር ሃያ ሺህ ያህል ነበር። ቤተ ክርስቲያኒቱ በ1963 የሉተራን ዓለም ፌዴሬሽን አባል ሆነች። የፕሬስቢቴሪያኑ ፍሬ የሆነችው ቤቴል በ1974 ገባችበት። በአውሮፓ ሉተራውያንና የካልቪን ወገኖች በጌታ እራት ትርጉም ከተጣሉ አራት መቶ ዓመት አልፏቸው ነበር። እኛ አገር ግን በአንድ ጣሪያ ሥር ገቡ፤ ስለዚህም መካነ ኢየሱስ ዛሬ ከሁለቱም የዓለም ማኅበራት ጋር ግንኙነት አላት።

የወላይታው መንገድ

ቃለ ሕይወት ከሌላ ግንድ የወጣች ናት። በ1893 ሦስት ወጣቶች፣ ዋልተር ጎዋንስ፣ ሮላንድ ቢንግሃምና ቶማስ ኬንት፣ ወደ «ሱዳን» ሊገቡ ተነሱ። በዚያ ዘመን ሱዳን ይባል የነበረው ከሰሐራ በታች ያለው ሰፊ አገር ነው። የመጡት ናይጄርያ ነው፤ ሁለቱ በጥቂት ጊዜ ውስጥ በበሽታ ሞቱ። ቢንግሃም ግን ተርፎ የሱዳን ውስጥ አገር ሚሲዮንን አቋቋመ። ይህ ሚሲዮን የአንድ ቤተ ክርስቲያን ሳይሆን ባፕቲስቱም፣ ፕሬስቢቴሪያኑም፣ ሌላውም የሚገባበት ነው። ዶክተር ላምቢ ከፕሬስቢቴሪያኑ ሚሲዮን ወጥቶ ከእነርሱ ጋር በ1927 ወደ ኢትዮጵያ መጣ፤ በ1928 ወላይታ ሶዶ ገቡ።

ኢጣልያ አገሪቱን ወርራ ሚሲዮናውያኑን በ1937 ስታስወጣ፣ በወላይታ የተጠመቁት ምእመናን ሃምሳ እንኳ አይሞሉም ነበር። ሚሲዮናውያኑ ከነፃነት በኋላ ሲመለሱ ግን አሥር ሺህ ያህል ሆነው ጠበቋቸው። እነ ዋንዳሮ ደባሮ ታስረውና ተገርፈው፣ ከመንደር ወደ መንደር በእግር እየዞሩ የሰበኩት ያለ ፈረንጅ ገንዘብና ያለ ፈረንጅ ትእዛዝ ነው። «ሃይማኖቱ የፈረንጅ ነው» ለሚለው ወገን ከዚህ የበለጠ መልስ አናገኝም። ፈረንጁ በነበረበት ዘመን ጥቂት ነበሩ፣ ፈረንጁ በሌለበት ዘመን በዙ።

ከዙሪክ እስከ ናዝሬት

መሠረተ ክርስቶስ በቀጥታ ከእነዚያ ዙሪክ ላይ ከተሰደዱት ወጣቶች የወረደች ናት። የአሜሪካ ሜኖናይቶች ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ፣ በ1945፣ ለእርዳታ ሥራ መጡ፤ ናዝሬት ላይም ሆስፒታል ከፈቱ። ጦር መሣሪያ አንነካም በሚል እምነታቸው የሚታወቁ ሰዎች ከጦርነት በወጣ አገር ሥራቸውን በሕክምና መጀመራቸው ከትምህርታቸው ጋር የሚሄድ ነው። ኢትዮጵያውያኑ ምእመናን ራሳቸውን የቻለ ቤተ ክርስቲያን ሲያቋቁሙ «ሜኖናይት» የሚለውን ስም አልወሰዱም። በ1ኛ ቆሮንቶስ ምዕራፍ 3 ቁጥር 11 ካለው ቃል ተነስተው «መሠረተ ክርስቶስ» አሉ። ያ ጥቅስ ሜኖ ሲሞንስ እጅግ የሚወደው ነበረ፤ ስለዚህ ስሙን ጥለው ምንጩን ያዙ ማለት ይቻላል። ዛሬ በሜኖናይት የዓለም ኅብረት ውስጥ ትልቋ ብሔራዊት ቤተ ክርስቲያን እርሷ ናት።

«ጴንጤ» የሚለው ስም

የጰንጠቆስጤው ንቅናቄ ከሁሉ በኋላ የመጣ ነው። በ1906 በአሜሪካ በሎስ አንጀለስ አዙሳ በሚባል ጎዳና፣ ወላጆቹ በባርነት የኖሩ ዊልያም ሲሞር የተባለ ጥቁር ሰባኪ ባገለገለበት አሮጌ ቤት የተነሳው መነቃቃት በዚያው ዓመት መጨረሻ በቶማስ ባራት አማካይነት ኖርዌይ ደረሰ። ወደ ስዊድንም ተሻገረ። እዚህ የባፕቲስት መጋቢ የነበረው ሌዊ ፔትሩስ የፊላደልፊያ ጉባኤ መሪ ሆነ፤ ጉባኤውም በ1913 ከባፕቲስቶቹ ማኅበር ተባረረ። ታክሲ የምንነዳ ሰዎች በየቀኑ የምናልፈው፣ ሮርስትራንድስጋታን ላይ ያለው ትልቁ የፊላደልፊያ ሕንፃ የእነርሱ ነው።

ከፊንላንድ በ1951 የመጡት ሚሲዮናውያን ሥራ ገነት ቤተ ክርስቲያንን አፈራ። የስዊድን ፊላደልፊያ በ1960 አካባቢ አዋሳ ላይ የጀመረው ሥራ ደግሞ ሕይወት ብርሃንን አስገኘ። ሙሉ ወንጌል ግን የየትኛውም ሚሲዮን ልጅ አይደለችም። በ1960ዎቹ ውስጥ በአዲስ አበባ፣ በሐረር፣ በናዝሬትና በአዋሳ የነበሩ ተማሪዎች፣ በተለይም የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች፣ ተሰባስበው በራሳቸው ያቋቋሟት ናት። በዚያ ዘመን በአንድ ግቢ ውስጥ አንዱ ተማሪ ማርክስን ሲያነብ በአጠገቡ ያለው ተማሪ መጽሐፍ ቅዱስን ያነብ ነበር። ሁለቱም የቆየውን ሥርዓት አልቀበልም ያሉ የአንድ ትውልድ ልጆች ናቸው። የመጀመሪያዎቹን ታሪክ ብዙ ሰው ጽፎታል፤ የኋለኞቹ ግን በቅጡ አልተጻፈላቸውም።

ወጣቶቹ በ1967 እንደ ሕጉ ይመዝገቡ ዘንድ ጠይቀው ተከለከሉ። በ1972 አዲስ አበባ ላይ በጸሎት ስብሰባ ላይ ሳሉ ሁለት መቶ ሃምሳ ያህሉ ታሰሩ። «ጴንጤ» የሚለው የፌዝ ስም የተስፋፋው በዚያ ዘመን ነው። ቀስ በቀስም ለሁሉም ወንጌላዊ ተለጠፈ። እንግዲህ እናስላው፤ አናሲሞስ የተጠመቀው በ1872 ነው፣ የአዙሳው መነቃቃት የተነሳው በ1906 ነው። ቅድመ አያቶቹ በአናሲሞስ ዘመን ያመኑ የወለጋ ሉተራዊ «ጴንጤ» ሲባል፣ ጰንጠቆስጤ ከመወለዱ ሠላሳ አራት ዓመት በፊት በነበረ ነገር በልጁ ስም መጠራቱ ነው። እርግጥ ከ1970ዎቹ ወዲህ መነቃቃቱ ወደ መካነ ኢየሱስም፣ ወደ ቃለ ሕይወትም፣ ወደ መሠረተ ክርስቶስም ገብቶ አምልኳቸውን አቀራርቦታል። መዝሙሩም ጸሎቱም በመመሳሰሉ ውጭ ሆኖ ለሚያይ ሰው ሁሉም አንድ ቢመስለው አይፈረድበትም።

ድንበሩን ማን አሰመረው?

ይህን ሁሉ ካየን በኋላ አንድ ነገር ግልጽ ይሆናል። በአውሮፓ አንድ ሰው ባፕቲስት ወይም ሜኖናይት የሚሆነው ተከራክሮ፣ ተከስሶ፣ አንዳንዴም ተሰድዶ ነበር። በእኛ አገር ግን አብዛኛው ምእመን የመካነ ኢየሱስ ወይም የቃለ ሕይወት አባል የሆነው ስለ ሕፃናት ጥምቀት ተከራክሮ አይደለም። በመንደሩ ያለው ትምህርት ቤትና ክሊኒክ የዚያ ሚሲዮን ስለነበረ ነው። ሚሲዮኖቹ አገሩን ተከፋፍለው ይሠሩ ነበር። በ1944 የወጣው የንጉሠ ነገሥቱ ድንጋጌ ደግሞ ለሚሲዮን ክፍት የሆነውንና የተዘጋውን አገር ለየ። ወለጋ ተወልደህ ቢሆን መካነ ኢየሱስ፣ ወላይታ ወይም ከምባታ ተወልደህ ቢሆን ቃለ ሕይወት ትሆን ነበር። ስሙ የሚናገረው ምን ተከራክረህ እንደረታህ ሳይሆን ወንጌሉ በየትኛው መንገድ ወደ መንደርህ እንደገባ ነው።

የደርግ ዘመን ይህን ድንበር ይበልጥ አሳሳው። ሙሉ ወንጌል በ1976 ተዘጋች፤ በዚያው ዓመት አብያተ ክርስቲያናቱ ተሰባስበው የወንጌላውያን ኅብረትን መሠረቱ። የመካነ ኢየሱስ ዋና ጸሐፊ ቄስ ጉዲና ቱምሳ በጁላይ 28 ቀን 1979 ታፍነው ተወስደው ተገደሉ። ዐፅማቸው የተገኘው ደርግ ከወደቀ በኋላ፣ በ1992 ነው። ባለቤታቸው ወይዘሮ ፀሐይ ቶሎሳ አሥር ዓመት ያህል ታሰሩ። የመካነ ኢየሱስ ዋና መሥሪያ ቤት በ1981 ተወሰደ። መሠረተ ክርስቶስ በ1982 መጀመሪያ ተዘግታ ንብረቷ ተወረሰ፣ መሪዎቿም ታሰሩ። ያን ጊዜ አባላቷ አምስት ሺህ ያህል ነበሩ፤ በየቤቱ በጥቂት በጥቂቱ እየተሰበሰቡ ቆይተው በ1991 ሲወጡ ከሠላሳ ሺህ በላይ ሆነው ተገኙ። ስዊድን በ1726 በቤት መሰብሰብን ከልክላ ያልቻለችውን ደርግም አልቻለውም። ማታ ማታ በአንድ ቤት የሚገናኙት የመካነ ኢየሱሱም፣ የሙሉ ወንጌሉም፣ የመሠረተ ክርስቶሱም ልጆች ነበሩና ማን የማን እንደሆነ የሚጠይቅ አልነበረም። በሕዝብ ቆጠራው የፕሮቴስታንቱ ድርሻ በ1994 ከመቶ አሥር ያህል፣ በ2007 ከመቶ አሥራ ስምንት ተኩል ያህል መሆኑ ተመዝግቧል።

በስደት ያለው ሁኔታ

ዛሬ ልጅ ወላጁን የሚጠይቅበት ጊዜም መጥቷል። መካነ ኢየሱስ በ2013 ከስዊድን ቤተ ክርስቲያንና ከአሜሪካው ትልቅ የሉተራውያን ቤተ ክርስቲያን ጋር የነበራትን ኅብረት በተመሳሳይ ፆታ ጋብቻ ጉዳይ ምክንያት አቋርጣለች። በዚህ ላይ የየአባላቱ አስተያየት ሊለያይ ይችላል። ከታሪክ አንፃር ግን «በፈረንጅ የሚታዘዙ» ይባሉ የነበሩት ሰዎች ለፈረንጅ እምቢ ማለታቸውን ማስመዝገብ ይገባል።

እዚህ አገር ደግሞ ተቃራኒው ነገር ሲሆን አይተናል። በ1878 የወጣው የሚሲዮን ኅብረት፣ መሪያቸው የተባረረባቸው ባፕቲስቶችና ሜቶዲስቶቹ በ2011 በአንድነት ተዋሕደዋል፤ ዛሬ ኤኩሜኒያሺርካን ይባላሉ። ስዊድናውያኑ የአያቶቻቸውን ጠብ እየረሱ ሲሰበሰቡ፣ እኛ በስደት አገር ሃምሳ ሰው ሳንሞላ ለሁለት ስንከፈል ይታያል። አገር ቤት ከነበሩት ምክንያቶች አንዱም እዚህ የለም። ወለጋና ወላይታን የለየው መንገድ ስቶክሆልም ላይ አይለይም፣ በአንድ የምድር ባቡር ነው የምንሄደው። ስለዚህ ቢያንስ ስንለያይ በምን እንደምንለያይ እናውቅ። የትምህርት ልዩነት ከሆነ በግልጽ ይነገር፣ የሰው ጠብ ከሆነ ደግሞ የሉተርንና የሜኖን ስም አንለጥፍበት።

ለሌሎቹ አባሎቻችንም አንድ ቃል አለን። ወንጌላዊው ጎረቤታችሁ ሲያዝን ልታጽናኑት ስትሄዱ፣ ሃይማኖቱ ትናንት በአውሮፕላን የመጣ እንዳልሆነ አስቡ። ከአቡ ሩሚ ብዕር፣ ከአስቴር ጋኖ ትጋት፣ ከዋንዳሮ ጀርባ ላይ ካረፈው ጅራፍና ከጉዲና ደም ጋር የተያያዘ የአገራችሁ ታሪክ ነው። ወንጌላዊውም በበኩሉ፣ መጽሐፉን ወደ አማርኛ የመለሰለትን አቡ ሩሚን ያስነሳችው፣ የፀዓዘጋ ካህናትንም ማንበብ ያስተማረቻቸው ጥንታዊቷ የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን መሆኗን አይርሳ።

በመጨረሻም አንድ ሐሳብ እናቀርባለን። በከተማችን ያሉት የኢትዮጵያውያን ጉባኤዎች በየትኛው ዓመት፣ በማን ቤት፣ በስንት ሰው እንደተጀመሩ የሚያውቁት አባቶችና እናቶች ዕድሜያቸው እየገፋ ነው። ቃለ ጉባኤዎቻቸው በየሰዉ ምድር ቤት በካርቶን ውስጥ ተቀምጠዋል። የኦርቶዶክሱም፣ የወንጌላዊውም፣ የመስጊዱም ታሪክ በማኅበራችን መዝገብ ቤት አንድ ላይ ተሰብስቦ ቢቀመጥ፣ የሃያኛውን ዓመት መጽሔት የሚያዘጋጁት ልጆቻችን ከእኛ የተሻለ ይጽፉታል። ካርቶኑን የያዛችሁ ሁሉ ለጸሐፊያችን እንድታስረክቡ በአክብሮት እንጠይቃለን።

መልካም በዓል ይሁንልን!